አንቀጽ ዐሥራ አራት

አቶ ልሳነወርቅ ሕልሙን ያየው በጠራራ ፀሐይ ነው። ምሳውን በልቶ፣ ጫማውን አውልቆ፣ የእድሩን መተዳደሪያ ደንብ ደረቱ ላይ ዘርግቶ አልጋው ላይ ጋደም አለ። ደንብ ሲያነቡ የሚመጣ እንቅልፍ ክፉ ነው፤ እግርም እጅም ያስራል። ያየውንም ለሰው ለመናገር ብዙ ወራት ፈጅቶበታል። ሕልሙ ውስጥ ከመግባታችን በፊት ግን ደንቡን ይዞ ለምን እንደተኛ መናገር አለብኝ፤ አለዚያ የምንቀልድ ይመስላል።

ልሳነወርቅ የብቸኞች መረዳጃ እድር ጸሐፊ ነው። እድሩን ያቋቋሙት ሌሎች እድሮች አንቀበልም ያሏቸው ሰዎች ናቸው፤ ተከራዮች፣ በሥራ ተዛውረው የመጡ፣ ትዳር ያልያዙ፣ ዋስ የሚሆናቸው ዘመድ በአቅራቢያ የሌላቸው። ደንቡን የጻፈላቸው እሱ ነው። ፍርድ ቤት በር ላይ ጃንጥላ ተክሎ ሃያ ዓመት ሙሉ ማመልከቻ ሲጽፍ የኖረ ሰው ስለሆነ፣ ሰባት መስመር የሚፈጅ ዓረፍተ ነገር ሳይተነፍስ ይጽፋል። አንዳንዱ ብልጣ ብልጥ ሁለት እድር ገብቶ ሁለት ድንኳን ያስተክላል ብሎ ስለሰጋ፣ አንቀጽ ዐሥራ አራትን እንዲህ ሲል አስገባ፦ «ይህ እድር የሚቀብረው ቀባሪ እድር የሌለውን ሰው ብቻ ነው።» ጉባኤው አጨበጨበለት።

ያላጨበጨቡት መምህር ኅሩይ ብቻ ነበሩ። መምህር ኅሩይ ሠላሳ ዓመት ሂሳብ አስተምረው ጡረታ የወጡ፣ ሚስትም ልጅም የሌላቸው፣ ከወፍጮ ቤቱ በላይ አንዲት ክፍል ተከራይተው የሚኖሩ ሰው ነበሩ። እጃቸውን አወጡና ተነሡ።

«እኔ የዚህ እድር አባል ነኝ። ስሞት ቀባሪ እድር አለኝ ወይስ የለኝም?»

«አለዎት እንጂ መምህር! እኛ እያለን!» አለ ልሳነወርቅ።

«ካለኝማ በአንቀጽ ዐሥራ አራት አትቀብሩኝም።»

«እንግዲያው የለዎትም።»

«ከሌለኝ ትቀብሩኛላችሁ። ከቀበራችሁኝ ደግሞ አለኝ ማለት ነው።»

ጉባኤው በሳቅ ፈነዳ። ማን ላይ እንደሚሳቅ ልሳነወርቅ ወዲያው ገባው። ፊቱ በርበሬ መሰለ፤ ያን ቀን የያዘው ቂምም ሦስት ዓመት ሙሉ አለቀቀውም።

መምህሩ ግን ሊያሾፉበት አልተነሡም። ፈርተው ነው የተነሡት። አንድ ሰማያዊ ደብተር ነበራቸው፤ በዚያ ደብተር የዕድሜ ልክ ሐሳባቸውን ያሰፍሩ ነበር። ሐሳቡ ባጭሩ እንዲህ ነው፦ ዞሮ ራሱን የሚነካ ቃል ወረቀት ላይ አርፎ አይቀመጥም፤ ወርዶ ዓለምን ያጎብጣል። ማስረጃም ይቆጥሩ ነበር። የትምህርት ቤቱ አጥር ላይ በቀይ ቀለም «በዚህ ግድግዳ ላይ መጻፍ ክልክል ነው» ተብሎ ተጻፈ፤ በሳምንቱ ግድግዳው ያለ ዝናብ፣ ያለ ነፋስ ፈረሰ። ጎረቤታቸው «በማርያም፣ ሁለተኛ አልምልም!» ብላ ማለች፤ ሦስት ቀን ድምፅዋ ተዘጋ። ሰው ይሰማቸውና ይስቃል፤ ከሄዱ በኋላ ደግሞ «ምስኪን፣ ብቻውን እየኖረ ነው እንዲህ የሆነው» ይላል። እድሩ ከተቋቋመ ጀምሮ አንድም አባል አልሞተበትም ነበር። ሰው ይህን እንደ በረከት ሲቆጥር፣ መምህሩ «አንቀጹ መንገዱን ዘግቶት ነው፤ የሚያልፍ ሰው ሲመጣ ታያላችሁ» ይሉ ነበር።

ሕልሙ በታየበት ቀን ጧት መምህር ኅሩይ ሞቱ።

የእድሩ ሊቀ መንበር አቶ ጎሹና ጥሩንባ ነፊው ሽብሩ ቀትር ላይ ልሳነወርቅ ቤት መጡ። ያለ ጸሐፊው ቃል ጥሩንባ አይነፋም፤ ድንኳንም አይወጣም። ይህንም የጻፈው እሱ ራሱ ነው።

«ቀብሩ በዘጠኝ ሰዓት ነው። ይነፋ ወይ?» አለ አቶ ጎሹ።

«ደንቡን ልየውና እነግራችኋለሁ።»

ማየት አላስፈለገውም፤ በቃሉ ነው የሚያውቀው። ግን ልቡ ውስጥ አንዲት ትንሽ ክፉ ደስታ ነበረች፤ «እስቲ አሁን እጃቸውን አውጥተው ይጠይቁኝ» የምትል። እድሩ ካልወጣ ሬሳውን የሚያነሣው ማዘጋጃ ቤት መሆኑን ያውቃል፤ ያለ ድንኳን፣ ያለ ሸኚ፣ ያለ አልቃሽ። ይህን እያወቀ ሚስቱን ሸዋዬን «ደንብ እያየሁ ነው፤ ማንም እንዳይረብሸኝ» ብሎ የመኝታ ቤቱን በር ዘጋ። ጥቂት ላስጠብቃቸው ብሎ ነው። ሰባት ሰዓት ነበር።

ከዚያ በኋላ ያለው ሕልም ነው።

በሕልሙ የቀሰቀሰው ጥሩንባ ነው። ሽብሩ ደጃፉ ላይ ቆሞ ጥሩንባውን ወደ ውስጥ ይስባል። በሳበ ቁጥር የሰፈሩ ድምፅ ተጎትቶ ጥሩንባው ውስጥ ይገባል፤ መጀመሪያ የውሾቹ፣ ቀጥሎ የወፍጮው፣ ቀጥሎ የሴቶቹ ጨዋታ፣ በመጨረሻ የልሳነወርቅ የገዛ ድምፅ ከጉሮሮው እንደ ክር ተመዝዞ ወጣ። ሰፈሩ ጭር ሲል ሽብሩ አፉን በእጁ ጠረገና ለፈፈ።

«ያልሰማህ ስማ! ዛሬ ማንም ስላልሞተ ቀብሩ በዘጠኝ ሰዓት ነው!»

«የማን ቀብር?» አለ ልሳነወርቅ። ድምፁ የወጣው ከአፉ ሳይሆን ከጥሩንባው ውስጥ ነው።

«ስም ሲጠራ ይታወቃል» አለ ሽብሩና ሄደ።

ልሳነወርቅ ነጠላውን ለብሶ ወጣ። መንገዱ ላይ ሰው ሁሉ ወደ ኋላው እየሄደ ነበር፤ የመጣበትን እንዳይረሳ። አንዲት አህያ የእንጨት ነጋዴ ጫንቃ ላይ ተቀምጣ «ቀስ በል እንጂ፣ ሸክምህ ነፍስ ያለው ነው» ትለዋለች። ነጋዴው ጆሮውን ጣል አድርጎ ዝም ብሎ ይሄዳል። ልሳነወርቅ ሰላም ሊለው አሰበና ማንን እንደሚቀድም፣ ሰውየውን ይሁን አህያዋን፣ አላወቀም።

ወደ ቀብር የሚሄድ ሰው ከቀበሌ ወረቀት መያዝ አለበት ተባለ። ማን እንዳለው አላስታወሰም፤ በሕልም እንዲህ ያለውን ነገር ሰው አይጠይቅም። ቀበሌው ደጃፍ ላይ ሠራተኞቹ ዶሴ ታቅፈው በፀሐይ ተሰልፈዋል። ውስጥ፣ ከመስኮቱ ወዲያ፣ አንዲት ቲማቲም ሻጭ እግሯን ጠረጴዛ ላይ ሰቅላ ተቀምጣለች።

«እባክሽ እናቴ» አላት ክራባት ያሰረው ሰውዬ፣ «ልናገለግልሽ ከጧት ጀምሮ ቆመናል።»

«ነገ ኑ። ዛሬ አልቸገረኝም።»

«አንድ ፊርማ ብቻ ብንፈርምልሽስ?»

«ማኅተሙ ስብሰባ ላይ ነው አልኩ እኮ!» አለችና መስኮቱን ዘጋች። ሠራተኞቹ እርስ በርስ ተያዩ። አንዱ አለቀሰ።

ልሳነወርቅ በዋናው በር ልግባ ብሎ ተጠጋ። በሩ ላይ ማስታወቂያ ተለጥፏል፦ «ይህን ማስታወቂያ ያነበበ ሰው አይገባም።» አነበበው። ዘበኛው ወዲያው እጁን ዘረጋበት። ልሳነወርቅ ሊከራከር አፉን ከፈተ፤ ጽሕፈቱን ልብ ብሎ ሲያየው ግን የራሱ ነው። የ«ሰ» እግሯ እንኳ እሱ እንደሚያስረዝማት ረዝማለች።

እንዲህ ደርቆ እንደቆመ አንዲት አሮጊት ከዘራቸውን ተደግፈው መጡ። ፊደል አልቆጠሩም። ዘበኛው እሳቸውን ለማሳለፍ ገለል ብሎ ነበር።

«ምን ይላል ልጄ?» አሉት ልሳነወርቅን፣ ወረቀቱን በከዘራቸው እያመለከቱ።

ሃያ ዓመት የለመደው ሥራ ነው። ጉሮሮውን ጠረገና ከፍ ባለ ድምፅ፣ ቃል ሳይዘል አነበበላቸው። ዘበኛው እጁን መልሶ ዘረጋ።

«እንግዲህ እርስዎም አወቁት እማማ፤ አይገቡም።»

አሮጊቷ አልተቆጡም። በሩን አዩት፤ ከዚያ ልሳነወርቅን አዩት። «ባታነብልኝ ኖሮ እገባ ነበር» አሉና ግንቡ ሥር ቁጢጥ አሉ። ልሳነወርቅ አፈረ። ፍርድ ቤት በር ላይ ለስንት እንደሳቸው ላለ ሰው ጽፏል፤ ሁሉም ወረቀቱን ስመው ተቀብለውታል። ከጻፈላቸው በኋላ ገብተው ይሁን ሳይገቡ ቀርተው ግን አንድም ቀን ጠይቆ አያውቅም።

አጠገባቸው ሊቀመጥ ሲል ማስታወቂያው ላይ ያሉት ፊደላት መንቀሳቀስ ጀመሩ። አንድ በአንድ ከወረቀቱ ወረዱና መሬት ላይ ተሰለፉ። መሬት ሲነኩ ቃሉ ተለወጠ፤ አንቀጽ ዐሥራ አራት ሆነ። ከፊት «ይህ» ይሄዳል፣ ከኋላ «ነው» ይከተላል፣ በመካከል «ቀባሪ» ራሱን ደፍቶ ያዘግማል። ልሳነወርቅ ተከተላቸው። ወፍጮ ቤቱን ዞሩ፤ የመምህሩን ደጃፍ አለፉ፤ ከዚያ «ነው» እርምጃውን አፈጠነና ሮጦ «ይህ»ን ከኋላው ያዘው። በተያያዙ ጊዜ መንገዱ ቋ ብሎ ጎበጠ። አጥሮቹ ወደ ውስጥ አዘነበሉ፤ ጥላ ሁሉ ወደ ባለቤቱ ተመለሰ። ልሳነወርቅ ዝም ብሎ ፊት ለፊቱ ሄደና የገዛ ቤቱ በር ላይ ደረሰ።

አንኳኳ። የከፈተለት ልሳነወርቅ ነው።

«ማንን ፈለጉ?»

«ልሳነወርቅን ፈልጌ ነበር።»

«የለም። ቀብር ሄዷል።»

«የማን ቀብር?»

«የሚፈልገው ሰው ቀብር» አለ ሰውየውና፣ «ደንብ እያየሁ ነው፤ አይረብሹኝ» ብሎ በሩን ዘጋበት።

ልሳነወርቅ በሩ ላይ ቆሞ የገዛ እግሩን ኮቴ ከውስጥ ሲርቅ ሰማ። ያን ጊዜ እውነተኛ ፍርሃት ያዘው። እስከዚያ ድረስ ሕልም መሆኑን የሚጠረጥር አንድ ጥግ ልቡ ውስጥ ነበር፤ ያ ጥግ ጠፋ።

ዘወር ሲል ድንኳኑ ተተክሏል። ድንኳኑ የተገለበጠ ነው፤ ካስማዎቹ ሰማይ ላይ ተቸክለዋል፣ ሸራው መሬት ላይ ተነጥፏል። ሙታን አስተናጋጅ ሆነው ወዲያ ወዲህ ይላሉ፤ ሕያዋኑ ጥግ ይዘው ያለቅሳሉ። ከሙታኑ የሚያውቃቸው ነበሩ። አውቶቡስ ተራ ጫማ ሲጠርግ የነበረው አንድ ዓይና ሽማግሌ አለ። ከቆላ መጥታ ሰው ቤት ስትሠራ ታማ የሞተችው ልጅ አለች፤ ስሟን ማንም አያውቀውም ነበር። ገደል የገባው የጭነት መኪና ረዳትም አለ። ሁሉንም የቀበራቸው ማዘጋጃ ቤት ነው። ልሳነወርቅ የእያንዳንዳቸውን ሞት ሰምቶ «እግዚአብሔር ነፍሱን ይማር» ብሎ ወደ ሥራው የሄደ ሰው ነው።

ልጅቷ ንፍሮ ዘግና በእጁ ሰጠችው። «እግዚአብሔር ያጽናህ ጋሼ» አለችው።

«ማን ሞቶብኝ?»

«እኛ ነን እንጂ! እስካሁን አልነገሩህም?»

እንባው መጣ። የመጣውም በሦስት ዓይነት ነው፤ ስለ ልጅቷ፣ ስለ መምህሩ፣ ከሁሉ ይልቅ ስለ ራሱ። ንፍሮውን ሊውጠው አልቻለም፤ ሊጥለውም አፈረ። ጨብጦት ቆመ።

ድንኳኑ መካከል አንድ ጠረጴዛ ዘንድ መምህር ኅሩይ ተቀምጠዋል። ያችን ክርኗ ላይ የተጣፈች ቡኒ ኮታቸውን ለብሰዋል፤ ፊታቸው የእድሩ መዝገብ ተዘርግቷል። የጥሪ ሰዓት ደርሷል። በእድራችን ደንብ ቀብር ላይ ስም ይጠራል፤ አቤት ያለ ተገኝቷል፣ ያላለ ቀሪ ነው። መምህሩ መነጽራቸውን አስተካከሉ።

«አቶ ልሳነወርቅ!»

«አቤት!»

«ቀሪ» አሉና ጻፉ።

«ኧረ አለሁ መምህር! ይኸው ፊትዎ ቆሜ!»

«ይህን የሚለው ማነው?»

«እኔ ነኛ!»

«አየህ» አሉ መምህሩ፣ ተማሪ እንደሚያስረዱ ሁሉ ቀስ ብለው፣ «ስለ ራስህ የምትናገረው የራስህ ቃል ዞሮ ራሱን ይነካል። አይቆምልህም። ‹አለ› የሚልህ ሌላ ሰው ጥራ።»

ልሳነወርቅ ዞር ዞር አለ። አቶ ጎሹ አለ፤ ግን ጀርባውን ሰጥቶ የድንኳኑን ካስማ ይቆጥራል። ሸዋዬን ሜዳ መካከል አያት። ግድግዳ የሌለው በር ተደግፋ ቆማለች። «ሸዋዬ! እኔ መሆኔን ንገሪያቸው!» ብሎ ጮኸ። እሷ ጣቷን ከንፈሯ ላይ አድርጋ «ዝም በሉ፤ ደንብ እያየ ነው» አለችው። የገዛ ባሏን እንዳይረብሽ እሱን ራሱን ከለከለችው።

«እንግዲያው ምስክር ከሌለህ እንቅበርህ» አሉ መምህሩ፤ ሲናገሩም እያዘኑ ነበር።

የሬሳ ሣጥኑ አራት ሰዎች ተሸክሞ መጣ። ሰዎቹን አወረደና ልሳነወርቅን አስገባ። ጉድጓዱ አፍ ላይ ሲደርሱ በገመድ አንጠለጠሉት፤ መምህሩ ከላይ ጠየቁት።

«ልሳነወርቅ፣ ቀባሪ እድር አለህ?»

«አለኝ!» አለ። ገመዱ ወደ ላይ ተሳበ፤ ያለው ሰው በዚህ እድር አይቀበርም።

«እሺ፣ የለኝም!» ገመዱ ወደ ታች ተለቀቀ። መሬቱ ሊነካው አንድ ክንድ ሲቀር ግን መቀበሩ ስለሆነ እድር ያለው ሰው ሆነ፤ መልሶ ወደ ላይ ተሳበ። ደግሞ ወረደ። ደግሞ ወጣ። ሰማይም መሬትም አልተቀበሉትም። አፈሩ ይሸተዋል፣ አፈሩ ግን አይነካውም። ስንት ጊዜ እንደተመላለሰ አላወቀም፤ ዕድሜው እዚያ ያለቀ መሰለው።

ዓይኑ ጨለማውን ሲለምድ ጉድጓዱ ውስጥ ብቻውን እንዳልሆነ አየ። ፊት ለፊቱ ሌላ ገመድ አለ። ገመዱ ላይ መምህር ኅሩይ ተንጠልጥለዋል፤ እሱ ሲወርድ እሳቸው ይወጣሉ፣ እሱ ሲወጣ እሳቸው ይወርዳሉ። ከላይ ሆነው የጠየቁትም እሳቸው ነበሩ፤ በሕልም ይህ አይደንቅም።

«መምህር፣ እርስዎም?»

«ከጧት ጀምሮ» አሉ ሲያልፉት።

ደግሞ እስኪገናኙ ጠበቀ። «ይቅር ይበሉኝ። አውቄ ነው። ሦስት ዓመት ሙሉ ይቺን ቀን ስጠብቅ ነበር።»

«ይቅር ብያለሁ። ይቅርታ ገመድ አይፈታም እንጂ» አሉና አለፉ።

«ገመዱን እኔ እፈታዋለሁ! የጻፍኩት እኔ ነኝ፤ አንቀጹን እሰርዘዋለሁ!» ብሎ ወደ ላይ ጮኸ።

ሲመለሱ አገኛቸው። ፊታቸው የደከመ ነው። «አንተ ገመዱ ላይ ነህ ልጄ። የታሰረ ሰው እስሩን ከውስጥ አይፈታም። ደብተሬ መጨረሻ ገጽ ላይ ጽፌዋለሁ፤ አንድም ሰው አላነበበልኝም። ራሱን የነከሰ ቃል የሚፈታው ከውጭ ነው። ብዙ ሰው አያስፈልግም። አንድ ሰው ይበቃል፤ ሳይጠራ የሚመጣ አንድ ሰው።»

ሁለቱም ቀና አሉ። የጉድጓዱ አፍ ዙሪያውን በሰው ተሞልቷል። ሰፈሩ በሙሉ ነጠላውን አደግድጎ፣ በሥነ ሥርዓት ተሰልፎ፣ አንገቱን ቀልሶ ወደ ታች ያያል። ከንፈሩን ይመጥጣል። እጁን የዘረጋ ግን አንድም የለም።

«ኑ እንጂ! ገመዱን ያዙ!» አለ ልሳነወርቅ።

«ስማችን አልተጠራም» አለ አቶ ጎሹ፣ በትሕትና።

ስማቸውን ልጥራ ብሎ አፉን ከፈተ። መዝገቡን በቃሉ ያውቀዋል፤ ስድሳ አራቱንም። ድምፅ ግን አልወጣውም። ድምፁ ሽብሩ ጥሩንባ ውስጥ ነው። ሽብሩ ደግሞ ከሰዎቹ መሐል ጥሩንባውን ብብቱ ሥር ወሽቆ ቆሟል፤ ይንፋው ወይ አይንፋው የሚነግረው ሰው እየጠበቀ ነው። ልሳነወርቅ አፉን ከፍቶ፣ ከፍቶ፣ የደም ሥሩ ተገታትሮ፣ ነቃ።

ላብ አጥምቆታል። ደንቡ ደረቱ ላይ ተጨማድዷል። ግድግዳው ላይ ያለው ሰዓት ዐሥር ከሩብ ይላል። ጫማውን አልፈለገም፤ በባዶ እግሩ ዘሎ ተነሣ። ልቡ ውስጥ አንድ ነገር ብቻ ነበር፦ ምናልባት አልዘገየሁ ይሆናል፣ ምናልባት መቃብር አፋፍ ላይ እደርስባቸው ይሆናል።

«ንፉት! ጥሩንባውን ንፉት!» እያለ በሩን በረገደው።

ግቢው በሰው ተሞልቷል።

የእድሩ አባል አንድም ሳይቀር እዚያ አለ። ወንዶቹ ነጠላቸውን አጣፍተው አጥሩን ተደግፈዋል፤ ሴቶቹ ጥቁር ሻሽ አስረው መሬት ላይ ተቀምጠዋል። ድንኳኑ እንደተጠቀለለ በር ሥር ተጋድሟል። ሽብሩ ጥሩንባውን ብብቱ ሥር ይዟል። ሲያዩት ሁሉም በአክብሮት ተነሡ።

«እንዴት ሆነ አቶ ልሳነወርቅ፣ ደንቡ ምን ይላል?» አለ አቶ ጎሹ።

«መምህሩስ?»

ሸዋዬ ናት የመለሰችለት። «አከራያቸው ደውላ ነው መሰል፣ ዘጠኝ ሰዓት ላይ የማዘጋጃ ቤቱ መኪና መጥቶ ወሰዳቸው። ሾፌሩና ሁለት ቆፋሪዎች ነበሩ። በእኛ በር ነው ያለፈው።»

«በእኛ በር? ይሄ ሁሉ ሰው እያለ?»

«ሰውማ ሁሉም ተነሥቶ ቆመላቸው። ባርኔጣ ያደረገውም አወለቀ። መኪናው ሲያልፍ ደግሞ ተመልሰው ተቀመጡ።»

«ማን ተከተላቸው?»

«ማን ይከተላል? ጥሩንባ አልተነፋ።»

«ለምን አልቀሰቀስሽኝም፣ አንቺ!»

«ደንብ እያየሁ ነው፣ ማንም አይረብሸኝ አላልክም እንዴ?» አለች። ዓይኗ ቀልቷል። «ስታቃስት እኮ ሰማሁህ። ከባድ አንቀጽ ደርሶበት ነው ብዬ ሰዎቹን ዝም አሰኘኋቸው።»

ልሳነወርቅ ደረጃው ላይ ተቀመጠ። እጁ እንደተጨበጠ ነበር፤ ሲከፍተው ባዶ ነው። አንዲት ሴትዮ «ነፍሳቸውን ይማር» አሉ፤ ሌሎቹም ተቀበሏቸው። ፀሐይዋ ወደ ወፍጮ ቤቱ አዘንብላለች። በመጨረሻ አቶ ጎሹ ጠጋ ብሎ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ተናገረ።

«እንግዲህ የሆነው ሆኗል። ሰዉ ግን ከሥራው ቀርቶ፣ ፀሐይ ሲመታው ውሏል። ጥሪው ይደረግለትና ይሰናበት። በኋላ ቀሪ ነህ እንዳይባል።»

ልሳነወርቅ ቀና ብሎ አየው። አቶ ጎሹ አልቀለደም። ሽብሩም ሌሎቹም ራሳቸውን ነቀነቁ፤ ተገቢ ነው።

መዝገቡን አስመጣ። ከመጀመሪያው ተራ ቁጥር ጀምሮ ጠራ። «አቤት!» ይላሉ፣ በደንብ እንዲሰማላቸው ከፍ አድርገው። እያንዳንዱን ስም ጠርቶ፣ መልሱን ሰምቶ፣ ትይዩው ይጽፋል። የራሱ ስም ጋ ሲደርስ ጠራውና ሳይመልስ ጻፈ። ስድሳ አራተኛው ጋ ደረሰ።

«መምህር ኅሩይ።»

መልስ የለም። ስሙን ያልሰረዘው ረስቶ መሰላቸው። ልሳነወርቅ ብዙ ጠበቀ፤ ከዚያ እዚያም ላይ ጻፈና ብዕሩን ከደነ። አቶ ጎሹ የራሱን ስም ለማየት ከትከሻው በላይ አንገቱን አስግጎ ነበር። ፊቱ ተለወጠ። ከላይ እስከ ታች ስድሳ ሦስቱም ትይዩ በዚያ እንደ ማተሚያ በጠራ ጽሕፈት «ቀሪ» ተብሎ ተጽፏል። የመጨረሻው መስመር ላይ ብቻ «ተገኝተዋል» ይላል።

«ምንድን ነው ይሄ? ሁላችን ይኸው እዚህ አይደለንም እንዴ?»

«እዚህማ ነን» አለ ልሳነወርቅ። «ቀብሩ ላይ የተገኙት ግን እሳቸው ብቻ ናቸው።»